ቀንጠፋን የት እንቁረጠው? የትስ እንተወው?

ውድ አንባቢያን፣ ከመካከላችሁ ገጠር ተወልዳ ያደገች እናት ካለች፣ የቀንጠፋን ስም ስትሰማ ቀድሞ ትዝ የሚላት አበባው ወይም ፍሬው ሳይሆን አንድ ቀን የተቀደደባት ቀሚስ ነው። እንጨት ለቀማ ወጥታ፣ ውሃ ቀድታ ስትመለስ፣ ወይም የጠፋች ጥጃ ስትፈልግ፣ ከኋላዋ ሰው የያዛት መስሏት ደንግጣ ዘወር ብላ ታውቃለች። የያዛት ግን ሰው አልነበረም፤ ቀንጠፋ ነው።

የዚህ ጽሑፍ አዘጋጅም ይኸው ደርሶባታል። ቀድሞ መንቆረር ትባል ከነበረችው ከደብረ ማርቆስ ከተማ ወጣ ብላ፣ ወደ ዓባይ ሸለቆ በሚያዘቀዝቀው አገር በአንድ የወንዝ ዳር የእግር መንገድ ስትሄድ ነጠላዋን ቀንጠፋ ያዘባት። እንደ ማንኛውም የከተማ ሰው ቸኩላ ሳበችው። ነጠላው ተተረተረ፤ ሐረጉም በመሳቡ ተወጥሮ ኖሮ ተመልሶ ክንዷን ቧጨራት። ከኋላዋ እንጨት ተሸክመው ይመጡ የነበሩ አንዲት እናት ሸክማቸውን ሳያወርዱ፣

«ኧረ ልጄ፣ አትሳቢው! እሱ ሲስቡት ነው የሚብስበት። ወደ መጣሽበት አንድ እርምጃ ተመለሽና ላላ አድርጊለት፤ ከዚያ አንድ በአንድ አውጪው» አሏት።

«እማማ፣ እርስዎን አይዝዎትም?» ብላ ብትጠይቃቸው ሳቅ ብለው፣ «መያዙንማ ይይዘኛል፤ እኔ ግን መንገዱን አውቀዋለሁ» ሲሉ መለሱላት።

የእኒህ እናት ምክር ለነጠላ ብቻ የሚሆን አይደለም። ከቀንጠፋ ጋር ያለን ግንኙነት ለብዙ ዘመን መሳብና መቁረጥ ብቻ ሆኖ ቆይቷል። ዛሬ በዚህ ዓምዳችን የምናነሣው ጥያቄ ታዲያ፣ ይህ እሾህ መቆረጥ ያለበት የት ነው? ሊተው የሚገባውስ የት ነው? የሚል ነው። ጥያቄው ቀላል ቢመስልም በአንድ ወቅት የሰው ሕይወት ጠፍቶበታል፤ ዛሬም የልጆቻችንን እግር፣ የጓሯችንን አትክልትና የተረፈንን ጥቂት አገር በቀል ደን የሚነካ ነው።

የባቄላና የአተር ዘመድ

ቀንጠፋ፣ አንዳንዶች ቀንጣፋ የሚሉት፣ በጫካ ዳር፣ በወንዝ ዳርና በገደል አፋፍ ማንም ሳይዘራው የሚበቅል እንጨታም ሐረግ ነው። ብቻውን ሲሆን እርስ በርሱ ተጠላልፎ ቁጥቋጦ ይሆናል፤ በአጠገቡ ዛፍ ሲያገኝ ደግሞ ቅርንጫፉን እየተመረኮዘ ሽቅብ ይወጣል። እንደ አተር የሚጠመጠምበት ክር የለውም። መወጣጫው እሾሁ ነው። እሾሁ በቅጠሉ ሥር ጥንድ ጥንድ ሆኖ፣ በግንዱም ላይ ተሰልፎ የሚገኝ ሲሆን፣ ጫፉ እንደ መንጠቆ ወደ ኋላ የታጠፈ ነው። በመሆኑም ቀንጠፋ እሾሁን የሚጠቀምበት ለመውጋት ብቻ ሳይሆን ለመውጣትም ነው። ሲስቡት የሚብሰውም ስለዚህ ነው፤ መንጠቆ በተሳበ ቁጥር ይጠልቃልና።

ብዙዎቻችሁን የሚያስገርመው ግን ዘመዶቹን ስታውቁ ነው። ቀንጠፋ የባቄላ፣ የአተር፣ የምስርና የሽንብራ ወገን ነው። በድስታችን ውስጥ በየቀኑ የሚንተከተከው ሽሮና ልብስ የሚቀድደው ይህ እሾህ በዕፅዋት ሊቃውንት ዘንድ በአንድ ታላቅ ቤተሰብ ውስጥ ይቆጠራሉ። የሚያዛምዳቸው የፍሬያቸው አሠራር ነው። ሆኖም የባቄላ ቅርፊት በውስጡ በርከት ያሉ ፍሬዎች ሲይዝ፣ የቀንጠፋ ቅርፊት የሚይዘው አንድ ፍሬ ብቻ ነው፤ በራሱም አይከፈትም። በዚህ ፋንታ ከጫፉ ስስ ክንፍ ያወጣል። ፍሬው ሲደርቅ ክንፉ ነፋስ ይቀበልና ዘሩን ከእናቱ አርቆ ይጥለዋል። በሳይንስ ስሙ ፕቴሮሎቢየም ስቴላተም ይባላል፤ የመጀመሪያው ቃል ከግሪክኛ የተወሰደ ሲሆን «ክንፋም ቅርፊት» ማለት ነው።

አበባው ጥቃቅን፣ ነጣ ብሎ ወደ ቢጫ የሚያደላ፣ መዓዛው ደስ የሚያሰኝ ነው፤ ንቦችም ይወዱታል። ፍሬው ሳይደርቅ በፊት ደማቅ ቀይ ስለሚሆን ቁጥቋጦው ከሩቅ ሲያዩት በአበባ የተሸፈነ ይመስላል። ብዙ መንገደኛ አበባ የሚለው በእርግጥ ክንፋሙን ፍሬ ነው።

ቀንጠፋ የኢትዮጵያ ብቻ አይደለም። በቀይ ባሕር ማዶ ከየመን ጀምሮ በምሥራቅ አፍሪካ በኩል እስከ ደቡብ አፍሪካ ድረስ ይገኛል። በጎጃም ብንወስድ በወይና ደጋውና በወንዞች ሸለቆ ይበዛል፤ ወደ ጮቄ ተራራ ሽቅብ በወጣን ቁጥር ግን ብርዱን ስለማይችል እየጠፋ ይሄዳል።

አባትና ልጅ የተሰቀሉበት እሾህ

አሁን ወደ ታሪኩ እንለፍ። እ.ኤ.አ. በ1770 ዓ.ም.፣ በእኛ አቆጣጠር በ1763 ዓ.ም.፣ ጄምስ ብሩስ የተባለ የስኮትላንድ ተወላጅ መንገደኛ የዓባይን ምንጭ ለማየት ወደ ጎጃም ምድር መጥቶ ሰከላ ውስጥ እስከሚገኘው ግሽ ዓባይ ደርሶ ነበር። አብሮት የነበረው ሉዊጂ ባሉጋኒ የተባለ ጣሊያናዊ ሠዓሊ ያዩትን ዕፅዋት በሥዕል ይመዘግብ ነበር። ባሉጋኒ ወደ አገሩ አልተመለሰም፤ በሚቀጥለው ዓመት ጎንደር ላይ ሞተ። ብሩስ እ.ኤ.አ. በ1790 ባሳተመው ባለ አምስት ቅጽ መጽሐፍ ውስጥ ግን ቀንጠፋ ከነሥዕሉና ከነአማርኛ ስሙ ሰፍሮ ይገኛል።

ብሩስ ስለ ቀንጠፋ የጻፈው የዕፅዋት ትምህርት ብቻ አይደለም። እሾሁ ማንን እንደሚጎዳና ማንን እንደማይነካ ልብ ብሎ ተመልክቷል። እንደ እርሱ ገለጻ፣ የፍየል ወይም የነብር ቆዳ በትከሻው ጣል ያደረገና ፀጉሩን ያሳጠረ ወታደር ከቀንጠፋ ብዙም አይጎዳም። የሚቸገሩት ረዥም ልብስ የሚለብሱ መኳንንትና ፀጉራቸውን የሚያሳድጉ ሴቶች ናቸው። ልብስን ከእሾህ ለማላቀቅ ሲታገሉ ፀጉር ይያዛል፤ ፀጉርን ማላቀቁ ደግሞ ከልብሱ የባሰ ያማል። አንባቢያን ሆይ፣ ከሁለት መቶ ሃምሳ ዓመት በፊት የነበረች አንዲት ሴት በጫካ መንገድ የደረሰባት ችግር በመጽሐፍ ተመዝግቦ ስታገኙት «የእኔም ነው» አያሰኛችሁም?

በዚያው ዓመት ወጣቱ ንጉሥ ዳግማዊ ተክለ ሃይማኖት ከትግሬ ተመልሰው ወደ ጎንደር ሲገቡ የሆነውንም ብሩስ ጽፎታል። ንጉሡ የደረቡትን ስስ ልብስ ቀንጠፋ ያዘውና ከላያቸው ገፈፈው። በዚያ ዘመን ንጉሥ በሕዝብ ፊት ፊቱና ራሱ መገለጡ ትልቅ ነውር ነበር። ንጉሡ የቀበሌውን ሹም አስጠሩ። ሹሙ በዕድሜ የገፋ ሰው ሲሆን ልጁን አስከትሎ እየሮጠ ቀረበ። የዚህ ቦታ ሹም አንተ ነህን? ተብሎ ሲጠየቅ አዎን አለ፤ ማንም ሳይጠይቀው አብሮት ያለው ልጁ መሆኑንም ጨምሮ ተናገረ። ወዲያው አባትም ልጅም ተሰቀሉ። ጥፋታቸው ቀንጠፋውን ከመንገድ ዳር አለመቁረጣቸው ነበር።

ብሩስ በጻፈው መሠረት ንጉሡ በየዓመቱ ለዘመቻ ሲነሡ ከሚታወጁት ዋና ዋና አዋጆች አንዱ የቀንጠፋ አዋጅ ነበር። ንጉሡ በየት በኩል እንደሚያልፉ ስለማያውቁ ቀንጠፋ በአራቱም ማዕዘን እንዲቆረጥ ያዝዛል። ነገሩን ልብ በሉት። መንገዱን የማያውቀው አዛዡ ነው፤ በየሸለቆው እየወረደ እሾህ የሚቆርጠው ግን ገበሬው ነው። ያ ሹም ልጁን ይዞ ሲሮጥ ቤቱ የቀረች ሚስትና እናት ምን እንደሆነች የጻፈልን የለም።

ስሙ እንኳ ከዚህ ጥላቻ አላመለጠም። የብሩስን ጽሑፍ ተከትሎ ግሜሊን የተባለ ጀርመናዊ የዕፅዋት ሊቅ እ.ኤ.አ. በ1791 «ካንቱፋ ኤክሶሳ» ብሎ ሰይሞት ነበር። ካንቱፋ የእኛው ቀንጠፋ ሲሆን ኤክሶሳ በላቲን «የተጠላ» ማለት ነው። ዛሬ ይህ ስም በሌላ ተተክቷል፤ ጥላቻው ግን በብዙዎቻችን ልብ እንዳለ ነው።

ከአጥር ላይ ሲሆን

እንግዲህ ይህ የተጠላ እሾህ ምን ይበጃል? መልሱን ለማግኘት ወደ ቤታችን ዙሪያ መመልከት ይበቃል። በገጠሩም ሆነ በከተማ ዳርቻ ብዙ ጓሮ የሚታጠረው በተቆረጠ ጭራሮና በደረቅ እሾህ ነው። ደረቅ አጥር ዕድሜው አጭር ነው። ዝናብ ያበሰብሰዋል፤ ምስጥ ይበላዋል፤ ማገዶ ያጠራት ጎረቤት በምሽት መዘዝ ታደርገዋለች። ስለሆነም ዓመት ሳይቆይ ሌላ ጭራሮ ይቆረጣል። አጥር ማጠር የወንድ ሥራ ነው ቢባልም፣ በሾለከበት በኩል ዶሮና ጥጃ ገብቶ ጎመኑንና ጌሾውን ሲያወድም የምትባርረውና ሽንቁሩን የምትደፍነው እናት መሆኗን ሁላችንም እናውቃለን።

ቀንጠፋ ግን ሕያው አጥር ነው። ተተክሎ ከያዘ በኋላ ከዓመት ዓመት እየተጠላለፈ ይወፍራል እንጂ አይበሰብስም። ለአጥር የሚቆረጠውን እንጨት ያስቀራል ማለት ነው። ለአጥር ያልዋለ ጭራሮ ለምድጃ ይተርፋል፤ ለምድጃ የተረፈ ጭራሮ ደግሞ የእናትን ወይም የልጃገረድን የአንድ ቀን ሸክም ያቀልላል። ልጃገረዷ ያንን ቀን ትምህርት ቤት ትውልበታለች። ከዚህም በላይ አበባው ለንብ ቀፎ፣ ጥቅጥቅ ያለው ውስጡ ለወፍ ጎጆ ያገለግላል።

ይሁን እንጂ ቀንጠፋን ለአጥር የሚያስብ ቤተሰብ ልብ ሊላቸው የሚገቡ ነገሮች አሉ።

1ኛ/ የሚተከለው በጓሮ በውጭ ወገን፣ ከብት በሚመጣበት በኩል ነው። ከበር፣ ከውሃ መቅጃ መንገድና ልጆች ከሚጫወቱበት ቦታ መራቅ አለበት።

2ኛ/ ካልተገረዘ ወደ መንገድና ወደ ጎረቤት ይሻገራል። በመሆኑም በየዓመቱ መከርከም ያስፈልገዋል። ሲከረከም ሐረጉን በባላ እንጨት ገፍቶ ይዞ በቆንጨራ መቁረጥ እንጂ በእጅ መጎተት አይገባም።

3ኛ/ የተቆረጠው ቅርንጫፍ በመንገድ ላይ መጣል የለበትም። የደረቀ እሾህ ከለምለሙ ይልቅ በባዶ እግር ለሚሄድ ልጅ አደገኛ ነው።

4ኛ/ ጠባብ ግቢ ላላችሁ የከተማ ነዋሪዎች ቀንጠፋ አይመከርም። ጉልበቱ ከግቢያችሁ ይበልጣል።

ለችግኝ ጠባቂ

ከደብረ ማርቆስ ተነሥቶ በጎጃም ደጋ የሚጓዝ ሰው፣ በታረሰው ሜዳ መካከል ጠቆር ብሎ የሚታይ የዛፍ ክምችት ሲያይ እዚያ ቤተ ክርስቲያን መኖሩን ይረዳል። ወይራው፣ ጽዱ፣ ዋንዛውና ብሳናው የተረፈው ከሌላው ቦታ ይልቅ በቤተ ክርስቲያን ቅጥር ነው። እነዚህን ደኖች ካጠኑት አንዱ ዶክተር ዓለማየሁ ዋሴ ሲሆኑ፣ በደቡብ ጎንደር ባደረጉት ጥናት ከብት የሚገባበትንና የተከለለውን የደን ክፍል አነጻጽረዋል። ከብት በማይገባበት በኩል ችግኝ ይበዛል፣ ያድጋልም፤ ከብት በሚረግጠውና በሚግጠው በኩል ግን አሮጌዎቹ ዛፎች ቆመው ሳለ ሥራቸው ተተኪ ያጣል። ዛሬ በዚያ አካባቢ ያሉ አንዳንድ አብያተ ክርስቲያናት ደናቸውን በድንጋይ ካብ አስከብረዋል።

የድንጋይ ካብ ለመሥራት ጉልበትና ገንዘብ ይጠይቃል። ካብ በሌለበት ቦታ የደኑን ዳር የሚዘጋው እንደ ቀንጠፋ ያለ እሾሃም ሐረግ ነው። ላም አፍንጫዋን አታስገባበትም። ስለዚህ አንዲት የወይራ ችግኝ በቀንጠፋ ሥር ብትበቅል የማደግ ዕድል አላት። «ጫካውን ለማጽዳት» ብለን ዳሩን ስንመነጥር እሾሁን ብቻ ሳይሆን በር ጠባቂውንም ማንሣታችን ነው።

ልጅን እሾህ ሲወጋው

ጥቅሙን ስንዘረዝር ጉዳቱን ልንሸፍን አይገባም። እናቶች ከሁሉ ይልቅ ልብ ልትሉት የሚገባው የእሾህ ቁስል ነው። ቁስሉ ትንሽ በመሆኑ ብዙ ጊዜ ይናቃል። መንጋጋ ቆልፍ ወይም ቴታነስ የሚባለውን በሽታ የሚያመጣው ተሕዋስ ግን በአፈርና በከብት እበት ውስጥ ለብዙ ጊዜ ሳይሞት ይኖራል፤ የሚመቸውም አየር የማይገባበት ጠባብና ጥልቅ ቁስል ነው። እሾህ የሚያደርሰው እንዲህ ያለውን ቁስል ነው። በሽታው ብዙውን ጊዜ ከ3 እስከ 21 ቀን ባለው ጊዜ ውስጥ ይታያል። መጀመሪያ መንጋጋ ይይዛል፤ ከዚያ አንገትና ጀርባ ይገተራል፤ መዋጥና መተንፈስ ያስቸግራል። ይህን ምልክት ያየች እናት አንድ ሌሊት እንኳ ሳታሳድር ልጇን ወደ ሆስፒታል መውሰድ አለባት።

«እሾህን በእሾህ» የሚለው አባባል ለምክር ያምራል እንጂ ለልጅ እግር አይበጅም። እሾህ የሚወጣው በንጹሕ ወረንጦ ወይም በመርፌ ሲሆን፣ እሱም አስቀድሞ በፈላ ውሃ መቀቀል ይገባዋል። ቁስሉን በንጹሕ ውሃና በሳሙና ደኅና አድርጎ ማጠብ ያስፈልጋል። እበት፣ አመድ፣ ቅቤ ወይም የተቀጠቀጠ ቅጠል መጨመር ግን በሽታውን ራሱን መጋበዝ ነው። ስብራቱ ውስጥ ከቀረ፣ ካበጠ ወይም መግል ከያዘ ጤና ጣቢያ መሄድ ተገቢ ነው።

ዋናው መከላከያ ክትባት ነው። ሕፃናት ከተወለዱ በ6ኛው፣ በ10ኛውና በ14ኛው ሳምንት የሚወስዱት አምስት በሽታ የሚከላከለው ክትባት አንዱ ክፍል የመንጋጋ ቆልፍ መከላከያ ነው። ነፍሰ ጡር እናት የምትከተበው ደግሞ ለራሷም ለሚወለደው ልጅም ነው፤ የሕፃኑ እትብት በቆሸሸ ነገር ሲቆረጥ ወይም ቅቤና እበት ሲቀባ ይኸው በሽታ በዚያ በኩል ይገባልና። እ.ኤ.አ. በ2017 የዓለም ጤና ድርጅት ኢትዮጵያ የእናቶችንና የጨቅላ ሕፃናትን ቴታነስ የጤና ሥጋት ከማይሆንበት ደረጃ ዝቅ ማድረጓን አረጋግጧል። ይህ ትልቅ ውጤት ነው። ነገር ግን ተሕዋሱ ከአፈር ውስጥ ተነቅሎ የሚጠፋ ስላልሆነ፣ ውጤቱ የሚጸናው እያንዳንዷ እናት የክትባት ካርዷን አክብራ በቀጠሮዋ ስትገኝ ብቻ ነው።

የቀንጠፋ ቅጠልና ሥር ለልዩ ልዩ ሕመም መድኃኒት ነው ሲባልም ትሰሙ ይሆናል። መጠኑ ያልታወቀ ነገር ለልጅና ለነፍሰ ጡር አይሰጥም። ሳል የጠናበት ልጅ ቦታው ጤና ጣቢያ ነው።

መንገዳችንን ስናውቅ

ውድ አንባቢያን፣ ያ የጥንት አዋጅ ቀንጠፋ በአራቱም ማዕዘን ይቆረጥ ያለው፣ አዛዡ የሚሄድበትን ስላላወቀ ነበር። እኛ ግን የምንሄድበትን እናውቃለን። ልጆቻችን ትምህርት ቤት የሚሄዱበትን መንገድ፣ ውሃ የምንቀዳበትን ቁልቁለት፣ እንጨት የምንሸከምበትን ዳገት ከእኛ በላይ የሚያውቅ የለም። ስለዚህ የምንቆርጠው እዚያ ይሁን። ወላጆች፣ የቀበሌ ነዋሪዎችና የትምህርት ቤት ማኅበረሰብ በዓመት አንድ ቀን ወጥተው የልጆችን መንገድ ቢያጸዱ ብዙ ቁስል ይቀራል። በጓሯችን ዳርና በደኑ ጫፍ ያለውን ግን እንተወው፤ እዚያ ያለው የሚሠራው ለእኛ ነው።

እንጨት ተሸክመው ያገኘናቸው እናት ከተለያየን በኋላ ወደ ቤታቸው ሲታጠፉ ከኋላ ስንመለከት፣ በጎመን ጓሯቸው ዙሪያ ቀንጠፋው ቀይ ፍሬውን አንጠልጥሎ ተጠላልፎ ነበር። ከመንገዱ በኩል ያለው በቆንጨራ በልክ ተከርክሟል። ጓሮው ውስጥ አንዲት ዶሮ እንኳ አልገባችም።